ጡጫው ያመለጠኝ ቀን

ሦስት ዓመት አንድ ልጅ ተከትዬ ቀረጽኩ። ጠዋት ሲሮጥ፣ ማታ ሲለማመድ፣ እናቱ ቤት ምሳ ሲበላ፣ ሚዛን ላይ ሲወጣ። ሁሉም ለአንድ ቀን ነበር። ቀኑ ደረሰ። ውድድሩ ሐረር ነው። ሁለተኛው ዙር ተጋምሷል። የካሜራዬ ባትሪ ቀይ አሳየ። «አምስት ሰከንድ አይፈጅም፣ ልቀይረው» ብዬ ጎንበስ አልኩ። አዳራሹ ጮኸ። ቀና ስል ልጁ ተዘርሯል።

ጡጫውን አላየሁትም። ካሜራዬም አላየውም። ከዚያ ሁሉ ሕዝብ መሀል ያንን ጡጫ ያላየነው ሁለት ሰዎች ነን፤ እኔና ራሱ ልጁ።

ማታ ወደ ድሬ ስንመለስ ሚኒባሱ ውስጥ ማንም አልተነፈሰም። ደንገጎ ቁልቁለት ላይ ጆሮዬ ሲደፈን ትዝ ይለኛል። ልጁ መሸነፉን ያስባል። አሠልጣኙ የልጁን ጭንቅላት ያስባል። እኔ ባትሪዬን አስባለሁ። እንዲህ ማሰብ ያሳፍራል፤ ግን ያሰብኩት እሱን ነው።

ፊልሙ በኋላ አለቀ፣ ታየም። ሰው የሚያነሳብኝ ደግሞ ያንኑ ያመለጠኝን ቦታ ነው። እመጣበታለሁ። መጀመሪያ ግን «ቦክስ ላይ ዶክመንተሪ ልሠራ ነው፣ ምን ትመክረኛለህ?» ለሚሉኝ ልጆች ያየሁትን ልዘርግፍ። ድሬ ላይ ሆኖ ይህን ሥራ የሚያስተምር ሰው አላገኘሁም ነበር። ሁሉንም በኪሳራ ነው የተማርኩት።

እኔ የሰርግ ቪዲዮ ቀራጭ ነኝ። አሁንም ነኝ። ከዚራ ሰፈር አንዲት ጠባብ ስቱዲዮ አለችኝ። ወደ ቦክስ የገባሁትም በሰርግ በር ነው። ሙሽራው የድሮ ቦክሰኛ ነበር። ሚዜዎቹም ያው ናቸው። ጭፈራው ሲደራ ካሜራዬን ዝቅ አድርጌ እግራቸውን ማየት ጀመርኩ። ትልልቅ ሰዎች ናቸው፣ አንዳንዱ ቦርጭ አውጥቷል። እግራቸው ግን መሬቱን የሚረግጥ አይመስልም። ሙሽሪትን ረስቼ እግር ስቀርጽ አመሸሁ። ቤተሰቡ ሲዲውን ሲያይ «ይሄ ሁሉ ጫማ ምንድነው?» ብሎ ተቆጣ። ግማሽ ክፍያዬን ቆረጡኝ።

ከሚዜዎቹ ጋር አንድ ሽማግሌ ነበር። ከምድር ባቡር ጡረታ የወጣ፣ አሁን ልጆች የሚያሠለጥን። «መጥተህ ጂማችንን እየው» አለኝ። ሄድኩ።

ጂም ስል ትልቅ ነገር እንዳይመስላችሁ። ቆርቆሮ ጣሪያ ያለው አሮጌ መጋዘን ነው። ሁለት ከረጢት ተሰቅሏል፤ ውስጡ ቁራጭ ጨርቅና አሸዋ ነው። አሸዋው ወደ ታች እየወረደ ስለሚጠጥር ልጆቹ ታችኛውን ክፍል አይመቱም። ጥግ ላይ የመኪና ጎማ ተደርድሯል። ፋሻው ታጥቦ ገመድ ላይ ተሰጥቷል፣ እንደ ሕፃን ልጅ ጨርቅ። ዙር የሚጀመርበት ደወል ደግሞ የሐዲድ ቁራጭ ነው። አሠልጣኙ ከሥራ ሲወጣ ይዞት የወጣው ይመስለኛል፤ ጠይቄው ሳቀ። በብረት ሲመታው ድምፁ ጥርስ ውስጥ ይገባል።

ካሜራዬን አወጣሁ። «አስቀምጠው» አለኝ። «መጀመሪያ ገመድ ዝለል።»

ሦስት ወር ካሜራ አላነሳሁም። 84 ኪሎ ሆኜ ገመድ ዘለልኩ። የውሃ ባልዲ ተሸከምኩ። ወለል ጠረግኩ። ያኔ የተናደድኩትን ያህል አሁን አመሰግነዋለሁ። ልጆቹ መጀመሪያ ሲያዩኝ ይሳሳቁ ነበር። ከዚያ ረሱኝ። ዶክመንተሪ ልትሠራ ከሆነ የምትፈልገው ይህን መረሳት ነው። ካሜራ ይዘህ በመጀመሪያው ቀን የምትገባ ከሆነ የምታገኘው ትወና ነው። ሁሉም ልጅ መሐመድ አሊ ይሆንብሃል።

አንድ ቀን አሠልጣኙ ጓንት አስገብቶ ከዚያው ልጅ ጋር አቆመኝ። ልጁ ያኔ 17 ዓመቱ ነበር። ቀስ ብሎ አፍንጫዬን ነካኝ። «ቀስ ብሎ» ያልኩት እሱ ስላለ ነው፤ እኔ እንባዬ ወረደ። ግን አንድ ነገር ገባኝ። ጡጫውን ስጠብቅ የነበረው እጁ ላይ አፍጥጬ ነው። እጁ ሲመጣ አልቋል። አሠልጣኙ «እጁን ምን ታያለህ? ጡጫ የሚነሳው ከእግር ነው፤ በወገብ ያልፋል፣ ትከሻ ላይ ይታያል፤ እጅ ተላላኪ ነው» አለኝ። ለካሜራ ከዚህ የተሻለ ትምህርት አላገኘሁም። ጓንቱን በሌንስ የሚያሳድድ ሰው ሁሌ ዘግይቶ ነው የሚደርሰው። ሰፋ አድርገህ ያዝ፣ ሁለቱም ትከሻ ይግባ፣ ዝም ብለህ ቁም። ወደ አንተ ይመጣሉ።

ስለ ዕቃ ብዙ ሰው ይጠይቀኛል፤ ባጭሩ ልንገራችሁ። ውድ ካሜራ አያስፈልግም። የእኔ የመጀመሪያው ታይዋን ከሚባለው የድሬ ገበያ የተገዛ አሮጌ ነው፤ የማን እንደነበር ፈጣሪ ይወቅ። የሚያስቸግረው መብራት ነው። የእኛ ሀገር ኤሌክትሪክ 50 ኸርዝ ነው። ስለዚህ ሸምበቆ መብራት በሰከንድ 100 ጊዜ ይርገበገባል። ዓይን አያየውም፣ ካሜራ ያየዋል። በሰከንድ 25 ምስል፣ ሸተሩን (አንዱ ምስል ብርሃን የሚያገኝበትን ጊዜ) የሰከንድ 1/50 ወይም 1/100 ላይ አድርጉት። እኔ ከዩቲዩብ የአሜሪካኖቹን ተከትዬ 30 ምስልና 60 ሸተር አድርጌ አንድ ሙሉ ቀን ቀረጽኩ። ምስሉ ላይ ጥቁር መስመር ሲንከባለል የሚውል ሆነ። አሜሪካ መብራቱ 60 ኸርዝ ነው፤ እኛ ጋ አይሠራም። ስሎ ሞሽን ያማራችሁም ውጭ፣ በፀሐይ ቅረጹት።

ሌላው ሙቀቱ ነው። ድሬን የሚያውቅ ያውቃል። ቀትር ላይ ሱቁ ሁሉ ተዘግቶ ሰው ጥላ ሲፈልግ፣ የእኛ ቆርቆሮ ጣሪያ ይጮሃል። ካሜራዬ «ሞቆኛል» ብሎ በራሱ ይጠፋል። አንድ ቀን ብልህ ነኝ ብዬ በረዶ ውሃ ካለበት ሳጥን ውስጥ፣ በፌስታል ጠቅልዬ አስቀመጥኩት። ስፈልገው አወጣሁት። ቀዝቃዛ ብርጭቆ ላይ ውሃ እንደሚወርድ፣ ሌንሱ ውስጡ ሁሉ ላበ። ለሦስት ቀን ሩዝ ውስጥ ቀበርኩት። ዳነ፤ ግን አንድ ቁልፍ እስከ ዛሬ አይሠራም። ከዚያ በኋላ እንደ ሰዉ ሆንኩ፤ ጎህ ሲቀድና ማታ ብቻ መቅረጽ። ረመዳን ላይ ደግሞ ልምምዱ ከኢፍጣር በኋላ ነው፤ ያ ለእኔ ሰርግና ምላሽ ነበር።

ድምፅን ግን አደራ። ምስልህ ቢበላሽ ሰው ይታገስሃል። ድምፅህ ከተበላሸ ተነስቶ ይወጣል። ቦክሰኛ ላይ ማይክ መለጠፍ አይሆንም፤ ላብ ይበላዋል፣ ለውድድርም አይፈቀድም። እኔ የማደርገው ትንሽ ድምፅ መቅጃ ከአዘጋጆቹ አስፈቅጄ ከሪንጉ ጥግ ብረት ሥር መለጠፍ ነው። ልክ አሠልጣኙ ከሚቀመጥበት በላይ። ለምን እዚያ? ምክንያቱም ቦክስ ውስጥ ሰው የሚያወራው እዚያ ነው።

ይህን ልብ በሉ። የአማተር ውድድር ሦስት ዙር ነው፤ እያንዳንዱ ሦስት ደቂቃ። በመሀል አንዳንድ ደቂቃ ዕረፍት። ጠቅላላው 11 ደቂቃ። ጀማሪ ቀራጭ ዘጠኙን ደቂቃ ሲያሳድድ ውሎ፣ ዕረፍት ሲሆን ካሜራውን ዝቅ አድርጎ ውሃ ይጠጣል። እኔም እንደዚያ ነበርኩ። በኋላ ሳየው፣ ሁለቱ የዕረፍት ደቂቃዎች ላይ ነው ሁሉ ነገር ያለው። ልጁ ዱካዋ ላይ ይወድቃል። አፉ ይከፈታል። አሠልጣኙ ቀበቶውን ሳብ አድርጎ ሆዱን ያሳርፍለታል። ውሃ ይረጨዋል። ፊቱን ይይዘዋል። «እየኝ። እኔን እየኝ።» ልጁ ዓይኑ ሌላ ቦታ ነው። አንድ ጊዜ አሠልጣኙ ስለ ጡጫ ምንም ሳይናገር «ጠዋት ምን በላህ?» ብሎ ጠየቀው። ልጁ ሳቀ። ተነስቶ ዙሩን አሸነፈ። ያንን በካሜራ ይዤዋለሁ፤ ለአሥር ዝረራ አልለውጠውም።

ወደ ከባዱ ነገር ልምጣ። ልጁ የሚወዳደረው በ57 ኪሎ ነው። ከውድድሩ ሁለት ቀን ቀድሞ 59 ተኩል ሆኖ ተገኘ። በድሬ ሙቀት ሹራብ ደርቦ፣ ከላይ ፕላስቲክ ለብሶ ሮጠ። ውሃ አይጠጣም። ጠርሙስ ይዞ ምራቁን ይተፋል። እኔ ባጃጅ ላይ ሆኜ ከፊቱ እቀርጻለሁ። ምስሉ ያምራል፣ አልዋሽም። ፀሐይዋ ከኋላው ናት፣ የደቻቱ ወንዝ አሸዋ ያበራል። ከዚያ እግሩ መወላገድ ጀመረ። ከንፈሩ ነጣ። ልቅረጽ ወይስ ላቁመው?

አቆምኩት። ወረድኩና ውሃ ሰጠሁት። ጠጣ። ከዚያ ተናደደብኝ። «አቦ ምን አገባህ! አሁን ሚዛን ብወድቅ አንተ ትገባልኛለህ?» አለኝ። ሁለት ቀን አላናገረኝም። ሚዛኑን ለጥቂት አለፈ፤ ሪንግ ላይ ግን ጉልበት አልነበረውም። የተዘረረው በዚያው ውድድር ነው።

እስከ ዛሬ ጓደኞቼ ይከራከሩኛል። «ዶክመንተሪ ሠሪ ጣልቃ አይገባም» ይላሉ። ይበሉ። እኔ ሰው ከፊቴ ሲወድቅ የሚቀርጽ እጅ የለኝም። ግን ደግሞ ሌላም ጥያቄ አለ፤ እኔ ከፊቱ ካሜራ ይዤ ባልሄድ ኖሮ ቀድሞ ያቆም ነበር? ካሜራ እያየው ስለሆነ ይሆን እስከዚያ የሮጠው? መልሱን አላውቅም። ልጁንም ጠይቄው ትከሻውን ነቀነቀ።

ከዝረራው በኋላ ያለውን ደግሞ ማንም እንዳይዘነጋ። በአማተር ቦክስ ሕግ ጭንቅላቱን ተመትቶ የተዘረረ ልጅ ቢያንስ 30 ቀን ሪንግ አይገባም፤ ልምምድ ላይም አይጋጠምም። ልጁ በሳምንቱ «ደህና ነኝ» ብሎ ጓንት ሊያስር መጣ። ራሱን እንደሚያመው እኔ አውቃለሁ፤ ለካሜራዬ ነግሮኛል። ይሄን ለአሠልጣኙ ልንገር ወይስ የተነገረኝ በምስጢር ነው? ነገርኩት። ልጁ ዳግም አኮረፈኝ። አሠልጣኙ ጓንቱን ቁም ሳጥን ውስጥ ቆልፎ ቁልፉን ለእኔ ሰጠኝ። ለአንድ ወር የጓንት ጠባቂ ሆንኩ። የምትቀርጹት ሰው ጤና የእናንተም ጉዳይ ነው፤ ወደዳችሁም ጠላችሁም።

አሁን ስለ ወረቀት። ይህን ክፍል የሚያነብ እንደማይኖር አውቃለሁ፤ ግን የከሰርኩት እዚህ ነው።

አንደኛ፣ የፈቃድ ወረቀት። የቀረጻችሁትን ሰው ሁሉ አስፈርሙ። ልጁ 18 ካልሞላው ወላጅ ይፈርማል። የእኛ ልጅ እናት ቀፊራ ገበያ ሽንኩርትና ድንች ትሸጣለች። ልጇን ቦክስ ሲጫወት አይታ አታውቅም። አትፈልግም። አሠልጣኙን «ልጄን የሚያስደበድብ» ብላ አኩርፋዋለች፤ መንገድ ላይ ስታየው ትሻገራለች። እኔን ግን ቡና አጠጣችኝ። ወረቀቱን ሦስቴ አስነበበችኝ። «ሲመታ ታሳያለህ?» አለችኝ። «አዎ» አልኳት። «እኔን ግን ና እይ እንዳትለኝ» ብላ ፈረመች።

ሁለተኛ፣ ሙዚቃ። ጂሙ ውስጥ ቀኑን ሙሉ ሬዲዮ ይከፈታል። ልጆቹ በአንድ የታወቀ ዘፈን እየዘለሉ የተቀረጸ፣ እኔ የምወደው ትዕይንት ነበረኝ። ዘፈኑን ለመጠቀም ፈቃድ መግዛት ነበረብኝ። አቅሜ አልቻለም። ትዕይንቱ ወጣ። አሁን ገና ስገባ ሬዲዮውን ነው የማጠፋው። ልጆቹ «ሼኩ መጣ» ይሉኛል።

ሦስተኛ፣ የድሮ ምስል። የአሊን ግጥሚያ ሁለት ደቂቃ ላስገባ ብላችሁ ከኢንተርኔት አውርዳችሁ እንዳትለጥፉ። ባለቤት አለው። የቦክስ ፊልም ሀብት መሆኑን ቀድመው የገባቸው ሰዎች አሉ። ጂም ጄኮብስና ቢል ኬይተን የሚባሉ አሜሪካኖች የድሮ ግጥሚያዎችን ፊልም እየሰበሰቡ ትልቅ ክምችት አደረጉት፤ እ.ኤ.አ. በ1998 ኢኤስፒኤን ለሚባለው የስፖርት ቴሌቪዥን ተሸጠ። እነዚያው ሁለቱ ናቸው የማይክ ታይሰን ማኔጀሮች የነበሩት። እናንተም የምትቀርጹትን የየቀኑን ነገር አትናቁ። የድሬ ቦክስ የድሮ ምስል ፍለጋ ብዙ ቤት አንኳኳሁ፤ ያገኘሁት ጥቂት ፎቶ ነው። እኔ ዛሬ የምቀርጸው የዛሬ 30 ዓመት የማን እንደሚሆን ከአሁኑ በወረቀት ይቀመጥ።

አሠልጣኙ አንድ ቀን «ቦክስ መጀመሪያ የቀረጸው ማነው?» አለኝ። አንብቤ ነገርኩት። የመጀመሪያው አይደለም፤ ግን ትልቁ የድሮ ቀረጻ እ.ኤ.አ. መጋቢት 17 ቀን 1897 ኔቫዳ ውስጥ ካርሰን ሲቲ የተደረገው የኮርቤትና የፊትዝሲሞንስ ግጥሚያ ነው። ኢኖክ ሬክተር የሚባል ሰው ነው የቀረጸው። ፊልሙ ከአንድ ሰዓት ከሩብ በላይ የሚሄድ ነበር፤ በዚያ ዘመን እንዲህ ያለ ርዝመት ያልተለመደ ነው። ፊትዝሲሞንስ በ14ኛው ዙር ሆዱ ላይ መትቶ ጣለው። ሬክተር ሪንጉ ዳር ካሜራዎች ጎን ለጎን አቁሞ ነበር፣ አንዱ ላይ ፊልም ሲያልቅ ሌላው እንዲቀጥል። አሠልጣኙ ይህን ሲሰማ ዝም ብሎ አየኝ። «1897 ላይ?» አለ። «አንተ ደግሞ በአንድ ባትሪ።»

ሌላም ነገር አለ በዚያ ታሪክ ውስጥ። በዚያ ዘመን ሪንግ ዳር እምብዛም የማይታዩት ሴቶች ፊልሙ ሲታይ በብዛት ገቡ። ይህንን ስናወራ ስለ ልጁ እናት ያሰብን አይመስለኝም።

ቋንቋ። ድሬ ነው፤ አንድ ዓረፍተ ነገር በአማርኛ ተጀምሮ በኦሮምኛ ያልፍና በሶማሊኛ ያልቃል። ጥግ ላይ አሠልጣኙ በየትኛው እንደሚጮህ ራሱም አያውቅም። ኦሮምኛውን እችላለሁ፣ ሶማሊኛው ግን ሲፈጥን ያመልጠኛል። ለትርጉም ሰው ቀጠርኩ። ገንዘብ ስትመድቡ ይህን አትርሱ፤ እኔ ረስቼው የአንድ ሰርግ ገቢ በላብኝ። ሌላው ጣጣ ደግሞ እኛ ጋ አንቱታ የለም። ልጁ አያቱ የሚሆነውን ሰው «አንተ» ይለዋል። እዚህ ፍቅር ነው። አዲስ አበባ አንድ ቦታ ቁራጭ ምስል ሳሳይ አንዷ ኃላፊ «ልጁ ግን ባለጌ ነው» አለች። ሌላውን ሁሉ አላየችም፣ ይቺን ብቻ። ፊልሙ መጀመሪያ ላይ አሠልጣኙ ራሱ «አንቱ ካልከኝ ሞቻለሁ ማለት ነው» የሚልበትን ቦታ አስገባሁ። ከዚያ በኋላ ማንም አልጠየቀኝም።

ገንዘቡን በሰርግ ነው የምቆጥረው። ሁለት ሃርድ ዲስክ አንድ ሰርግ ነው። ሁለት ነው የምላችሁ፣ አንድ አይበቃም፤ ሌላ ሦስተኛ ቅጂ ደግሞ ከቤት ውጭ ይቀመጥ። የእኔ እህቴ ቤት፣ ሳቢያን፣ የወርቅ ሳጥኗ ውስጥ ነው ያለው። ጥር ላይ እሠራለሁ፣ ሁዳዴ ሲገባ ይቀዘቅዛል። የሙስሊሙ ሰርግ ይደግፈኛል፣ ረመዳን ሲመጣ እሱም ያርፋል። አንዳንድ ዓመት ሁለቱ ጾም ይገጥማሉ። ያኔ እኔም እጾማለሁ፣ በግድ።

ከውጭ ድጋፍ የሚሰጡ አሉ። ናይሮቢ ያለው ዶኩቦክስ የምሥራቅ አፍሪካን ዶክመንተሪ ይደግፋል። ስሙ ላይ ቦክስ ስላየሁ መጀመሪያ ለእኔ የተቋቋመ መስሎኝ ነበር። አምስተርዳም የሚካሄደው ኢድፋ የሚባለው የዶክመንተሪ ፌስቲቫል «በርታ ፈንድ» የሚባል የድጋፍ ገንዘብ አለው። ደርባን ፊልም ማርት ላይ ደግሞ ፕሮጀክትህን ይዘህ ገንዘብ ካላቸው ሰዎች ጋር ትገናኛለህ። እኔ አመልክቼ ተመልሶብኛል፤ ከአንድ ጊዜ በላይ። ስህተቴ ግልጽ ነበር። ማመልከቻዬ ላይ «በኢትዮጵያ የቦክስ ስፖርት ዕድገትና ተግዳሮት» ብዬ ጽፌ ነበር፣ የስብሰባ ሪፖርት ይመስል። በኋላ «አንድ ጡረተኛ የባቡር ሠራተኛ የሐዲድ ቁራጭ እየደወለ አንድን ልጅ ለ11 ደቂቃ ያዘጋጃል» ብዬ ጀመርኩ። ያኔ ነው ሰው ደብዳቤ መመለስ የጀመረው። ትንሽ ገንዘብም ተገኘ፣ ለኤዲቲንግ የምትበቃ። ብዙ አትጠብቁ፣ ግን ጻፉ። ኪንሻሳ ላይ እ.ኤ.አ. በ1974 አሊና ፎርማን ሲጋጠሙ ሊዮን ጋስት የቀረጸው ፊልም በገንዘብና በሕግ ጣጣ 22 ዓመት ቆይቶ ነው የወጣው። ከዚያ ኦስካር ወሰደ። እኔ ተስፋ ስቆርጥ እሱን አስባለሁ። ሚስቴ ደግሞ 22 ዓመት ስትሰማ ትደነግጣለች።

አንድ ምሬት ልንገራችሁ። አንድ የቴሌቪዥን ጣቢያ ፊልሙን ወሰደ። በቃል ተስማማን። አሳዩት። ሁለት ጊዜ ደገሙት። ክፍያው «በሂደት ላይ ነው» እንደተባለ ነው። ውል ሳትፈርሙ ፋይል አትስጡ። አሳዩኝ ካሉ ምስሉ ላይ ስማችሁን በትልቁ ጽፋችሁ ስጡ።

ኤዲቲንጉ አንድ ዓመት ፈጀ። 140 ሰዓት ምስል ነበረኝ። ለቴሌቪዥን የሚሆነው 52 ደቂቃ ነው። ያንን የሐረሩን ውድድር ስደርስበት ሁሌ ዘልዬው አልፍ ነበር። ባትሪ ስቀይር የጠፋው 14 ሰከንድ ነው። ከዚያ በፊት ልጁ ቆሟል፣ ከዚያ በኋላ ተኝቷል። መሀሉ የለም። ከሌላ ሰው ስልክ የተቀረጸ አገኘሁ፤ ደብዝዟል፣ የሰው ጭንቅላት ጋርዶታል። አልወደድኩትም።

አንድ ማታ ከጥጉ ብረት ሥር የነበረውን ድምፅ መቅጃ ለብቻው ከፈትኩት። ሄድፎን አደረግሁ። ጫማ ሲንጫጫ ይሰማል። ትንፋሽ። ከዚያ አንድ ደረቅ ድምፅ፣ በር እንደመዘጋት። ከዚያ አዳራሹ። ሰው ሁሉ «ተነስ!» ይላል። «ካኢ!» ይላል። «ካዕ!» ይላል። ዳኛው ይቆጥራል። ከሁሉም ሥር ደግሞ፣ ከመቅጃው አጠገብ፣ የአሠልጣኙ ድምፅ አለ። ቀስ ብሎ፣ ለራሱ ነው የሚያወራው።

«አትነሳ ልጄ። በቃህ። አትነሳ።»

ደግሜ ሰማሁት። ከዚያ ሄድፎኑን አውልቄ ወጣሁ። ለሊት 8 ሰዓት ነበር፤ ከዚራ ዛፎች ሥር እስኪነጋ ተመላለስኩ።

14ቱን ሰከንድ ጥቁር አድርጌ ተውኩት። ድምፁ ብቻ ነው። ምስሉ ሲመለስ ካሜራዬ መጀመሪያ ያገኘው የአሠልጣኙን እጅ ነው፤ ፎጣውን ጠምዝዞ ይዞታል። ቀና ብሎ ልጁን ያያል። እኔ አስቤበት ቀርጬው ቢሆን እንደዚያ አይመጣም ነበር። ይህን ስል ግን ባትሪ አትቀይሩ ማለቴ አይደለም። በየዕረፍቱ ቀይሩ፣ ቀይ እስኪል አትጠብቁ፣ ሁለተኛ ካሜራም ይኑራችሁ። ዕድል ሁለቴ አይመጣም።

መጀመሪያ ያሳየሁት ጂሙ ውስጥ ነው። ግድግዳው ላይ አንሶላ ሰቀልን። ፕሮጀክተሩ የሰርግ ነው። ወንበር ስላልበቃ ልጆቹ ጎማ ላይ ተቀመጡ። ልጁ እናቱን ይዟት መጣ። በሩ ላይ ቆማ አሠልጣኙን አየችው፣ ልትመለስ አለች። ልጁ እጇን ያዘ። ከፊት ተቀመጠች፤ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ። አሠልጣኙ መጨረሻ ረድፍ ሄደ።

ሐረር ሲደርስ ነጠላዋን ወደ ዓይኗ ሳብ አደረገች። አየኋት። ዓይኗን ከድናለች። ጥቁሩ መጣ። ድምፁ አለፈ። «አትነሳ ልጄ» የሚለውም። ነጠላዋን ቀስ ብላ አወረደች። እስኪያልቅ ዓይኗን ከአንሶላው ላይ አላነሳችም።

መብራት በራ። ማንም አላጨበጨበም፣ ሁሉም እሷን ነው የሚያየው። ዞር አለች።

«ማነው አትነሳ ያለው?»

አሠልጣኙ ከኋላ እጁን አወጣ፣ እንደ ተማሪ።

ትንሽ ቆየች። «ነገ ከሰዓት ቤት ና» አለችው። «ቡና አለ።»